እጁን ያላነሣ ሁሉ ከደም ንጹሕ ነውን?

ስለ ወሮበላ ሲወራ ሐሳባችን ወዲያው ወደ ሩቅ ከተማ ይሮጣል። ጨለማ መንገድ፣ ጩቤ፣ ፊቱን የሸፈነ ጎረምሳ ይታየናል። ቃሉ ግን የራሳችን ቃል ነው፤ ወርሮ የሚበላ ማለት ነው። አባቶቻችን ነገሩን ባያውቁት ኖሮ ስም ባላወጡለትም ነበር።

በዚህ ጽሑፍ ልንመረምረው ያሰብነው «ወሮበላ ጥፋተኛ ነው ወይስ አይደለም?» የሚለውን አይደለም። ይህን ሕፃን ልጅም ይመልሰዋል። የሚያስቸግረው ሌላ ነው። አምስት ሰዎች ተባብረው አንድ ሰው ቢገድሉ፣ ለአምስቱ ስንቅ ያቀበለ፣ ሲወጡ አይቶ ዝም ያለ፣ ሲመለሱ የዘፈነላቸው፣ «ወንድ ማለት እንዲህ ነው!» ብሎ ያሞገሳቸው ሃምሳ ሰው ይኖራል። ከሃምሳው አንዱም ዱላ አላነሣም። ታዲያ እነዚህ ሰዎች እጃቸውን ታጥበው ወደ ቤታቸው ሊገቡ ይችላሉን? ወይስ ከደሙ ድርሻ አላቸው? ካላቸውስ ምን ያህል? ይህን ጥያቄ እኛ ወጣቶች ለሽማግሌዎች ልንተወው አንችልም፤ በየአገሩ የወሮበላ ጭፍራ የሚሞላው በእኛ ዕድሜ ባሉ ልጆች ነውና።

አስቀድመን ዓለምን እንይ። የተባበሩት መንግሥታት የአደንዛዥ ዕፅና የወንጀል ጉዳይ ቢሮ ባወጣው ጥናት መሠረት እ.ኤ.አ. በ2017 በዓለም ላይ 464,000 ያህል ሰዎች በግድያ ወንጀል ሕይወታቸው አልፏል። በዚያው ዓመት በጦርነት ያለቁት 89,000 ያህል ነበሩ። ከተገደሉት መካከል ከመቶ እስከ 19 የሚደርሱት የሞቱት በተደራጁ ወንጀለኞችና በወሮበላ ቡድኖች ምክንያት ነው። ጦርነት ሲነሣ ዓለም ይሰማል። ይህኛው ሞት ግን ዛሬ አንድ፣ ነገ ሁለት እያለ በየሰፈሩ ስለሚፈጸም ከሟቹ ቤት በቀር ጩኸቱን የሚሰማው የለም።

በተለይ የኤል ሳልቫዶር ታሪክ ልብ ሊባል ይገባዋል። ኤል ሳልቫዶር በማዕከላዊ አሜሪካ የምትገኝ፣ ስፋቷ 21,000 ካሬ ኪሎ ሜትር ያህል፣ ሕዝቧም ወደ 6 ሚሊዮን የሚጠጋ ትንሽ አገር ናት። እ.ኤ.አ. ከ1980 እስከ 1992 የእርስ በርስ ጦርነት ሲያምሳት እጅግ ብዙ ሕዝብ ወደ አሜሪካ ተሰደደ። ሎስ አንጀለስ የደረሱት የስደተኛ ልጆች እዚያ ቀድመው በነበሩ የሰፈር ቡድኖች ሲደበደቡና ሲናቁ ጊዜ ተሰባሰቡ፤ አንዱ ሲነካ ሁሉም ሊነሣ ተስማሙ። መጀመሪያው ይኸው ነው፤ ክፋትም አይመስልም። እንዲያውም ወንድማማችነት ይመስላል። ከጊዜ በኋላ ግን ማራ ሳልቫትሩቻ እየተባለ የሚጠራውና በ18ኛው ጎዳና ስም የሚጠራው ቡድን የሚገዳደሉ ጠላቶች ሆኑ። የአሜሪካ መንግሥት በ1990ዎቹ ዓመታት ወንጀል የሠሩትን ወደ ትውልድ አገራቸው እየጠረዘ ሲልክ ጠቡም አብሮ ተላከ። በአገራቸው ከባለ ሱቁም፣ ከአውቶቡስ ነጂውም፣ ጉልት ከምትቸረችረው እናትም «ኪራይ» የሚሉትን ግብር ይሰበስቡ ጀመር። የአንደኛው ቡድን ሰፈር ልጅ የሌላውን ሰፈር መንገድ ተሻግሮ ትምህርት ቤት መሄድ የማይችልበት ጊዜ መጣ። እ.ኤ.አ. በ2015 ብቻ በዚያች ትንሽ አገር ከ6,600 በላይ ሰዎች ተገደሉ።

በመጋቢት ወር 2014 ዓ.ም. ደግሞ በሦስት ቀን ውስጥ 87 ሰዎች ስለተገደሉ መንግሥት የአስቸኳይ ጊዜ አዋጅ አወጣ። በጥቂት ዓመታት ውስጥ ከ80,000 በላይ ሰዎች ታሠሩ። ግድያው በእጅጉ ቀነሰ፤ እናቶች ልጆቻቸውን ደጅ ለመልቀቅ ደፈሩ። ይህ ቀላል ነገር አይደለም፤ ልንንቀውም አይገባም። በሌላ በኩል ደግሞ የሰብዓዊ መብት ድርጅቶች ከታሠሩት መካከል ምንም ያልሠሩ ብዙ ሰዎች እንዳሉ ይናገራሉ። እኛን የሚያሳስበን ግን ከሁለቱም አለፍ ያለ ነው። እስር ቤት ጎዳናውን ጸጥ ሊያደርገው ይችላል። በሎስ አንጀለስ እነዚያን ልጆች መጀመሪያ ያሰባሰባቸውን ነገር ግን፣ ማለትም ብቻ የመሆንን ፍርሃትና «ወንድ አይደለም» የመባልን ሐፍረት፣ የሚያሥር እስር ቤት ገና አልተሠራም። በሄይቲ ደግሞ መንግሥቱ ራሱ ስለደከመ እ.ኤ.አ. በ2024 ብቻ ከ5,600 የሚበልጡ ሰዎች በወሮበሎች ግጭት ተገድለዋል፤ ከቤቱ የተፈናቀለውም ከአንድ ሚሊዮን በልጧል።

ይህን ሁሉ የተናገርነው የሰውን አገር ጉድ ለማውራት አይደለም። ይህንኑ ፍርሃትና ይህንኑ ሐፍረት መንዝም፣ ግሼም፣ መርሐ ቤቴም ያውቁታል። በአገራችን የሚሰባሰበው ሰፈር ሳይሆን ወገን ነው። ነገሩ በድንበር ይጀመራል፤ አንድ ክንድ በማትሞላ የገብስ መሬት። ወይም በሠርግ ቤት በወጣች አንዲት ቃል፣ ወይም ጠላ ቤት በተሰነዘረ ስድብ ይጀመራል። ሰው ይወድቃል። ገዳዩ ወደ ጀማ ወይም ወደ ወንጭት በረሃ ይወርዳል። ከዚያ በኋላ ነገሩ የሁለት ሰዎች መሆኑ ይቀርና የሁለት ዘር ይሆናል፤ አንዱ ወገን «ባለ ደም»፣ ሌላው «ደመኛ» ይባላል። ገዳዩ ባይገኝ ወንድሙ ይፈለጋል፤ ከወንድሞቹም የተሻለው፣ የተማረው፣ ቤት ያቆመው ይመረጣል። አንድ ቀን ከጠቡ ያልደረሰ፣ ምናልባትም ጠቡን የሚጠላ ሰው፣ ከገበያ ሲመለስ ተደብቀው ይጠብቁታል።

የሚያስከትለው ጉዳት በሬሳ ብዛት ብቻ የሚቆጠር አይደለም። መንገዱ በደመኛ ማሳ በኩል ስለሚያልፍ ልጅ ከትምህርት ቤት ይቀራል። በሬው ይሸጥና ጠመንጃ ይገዛበታል፤ በሬ የሌለው ገበሬ መሬቱን ለእኩል አራሽ ይሰጣል፤ በዓመቱ ድሃ ይሆናል። የቅዳሜ ገበያ የሚሄዱት ሴቶቹ ብቻ ይሆናሉ። አብረው ጽዋ ይጠጡ የነበሩ ሁለት ቤተሰቦች ማኅበሩን ለሁለት ይከፍላሉ። ጋብቻ ይፈርሳል። «ቂም ይዞ ጸሎት፣ ሳል ይዞ ስርቆት» የሚለውን ተረት የማያውቅ የአገራችን ሰው የለም፤ ቂሙን ይዞ በአንድ ቅጽር ውስጥ፣ በተለያየ ማዕዘን የሚቆም ግን ሞልቷል።

አሁን ወደ ሃምሳዎቹ እንመለስ። ለመሆኑ ይህን ነገር የሚያነድደው ማን ነው? በደሉ ነው እንዳንል ብዙ በደል ሳይነድድ ይቀራል። ብዙ ሰው ተሰድቦ ያልፋል፤ ብዙ ሰው መሬቱን ተነጥቆ በፍርድ ቤት ይሟገታል። የአማራ ገበሬ ሙግት ወዳድ ነው ተብሎ በመጻሕፍት ሁሉ ተጽፎ የለምን? ዶናልድ ሌቪን የተባለው አሜሪካዊ ምሁር እንኳ እ.ኤ.አ. በ1965 ባሳተመው መጽሐፉ ስለ መንዝ ሰው ብርታትና ስለ መሬት ክርክሩ በሰፊው ጽፏል። እንግዲያስ ፍርድ ቤት ሊሄድ የተነሣውን ሰው ከመንገድ የሚመልሰው ምንድን ነው? በእኛ አስተያየት፣ ምላስ ነው።

ቋንቋችንን እንመርምር። «ገዳይ» የሚለው ቃል በዘፈናችን ውስጥ የወንጀለኛ ስም ሳይሆን የማዕረግ ስም ነው። ልጃገረድ የምትወደውን ሰው ስታሞግስ በዚህ ቃል ትጠራዋለች። ቃሉ አውሬ ለገደለና ጠላት ለመከተ ጀግና የወጣ መሆኑን እናውቃለን፤ ሥሩን አንክድም። ነገር ግን የጎረቤቱን ልጅ በጨለማ የገደለውም በዚያው ቃል ሲዘፈንለት ቃሉ ሥሩን የት አደረሰው? የለቅሶውንም ሥርዓት እንይ። አልቃሽ የሟቹን ደግነት ስታወሳ ሕዝቡ ያነባል፤ ይህ መልካም ነው፤ ያዘነ ልብ ይጽናናበታል። ከዚያ ግን ግጥሟን ወደ ሟቹ ወንድሞች ታዞራለች። ወንድም የሌለው ሰው እንደ ሞተ አድርጋ ታለቅሳለች። ሳትሰድብ ትሰድባለች፤ ሰሙ ለቅሶ፣ ወርቁ ትእዛዝ ነው። የአሥራ ስምንት ዓመቱ ታናሽ ወንድም በዚያ ሁሉ ሕዝብ መካከል አንገቱን ደፍቶ ይሰማል። ማንም «ግደል» አላለውም። ከዚያ ቀን ጀምሮ ግን ጠላ ሲቀዳለት፣ ሰው ሰላም ሲለው፣ ሚስት ሊያጭ ሲልክ፣ በፊቱ ሁሉ ያልተመለሰ ደም ይቆማል። ይህ ልጅ ከሦስት ዘመዶቹ ጋር ሌሊት ሲወጣ አምስተኛው ሰው በመካከላቸው አብሮ ይሄዳል፤ እሱም የሕዝቡ አፍ ነው።

ሕጋችን ይህን በከፊል ያውቀዋል። የ1996 ዓ.ም. የወንጀል ሕግ በአንቀጽ 539 ለመግደል ወይም በመሣሪያ ለመዝረፍ የተደራጀ ቡድን አባል ሆኖ የገደለን ሰው ከተራው ገዳይ አክብዶ ይቀጣዋል። ያነሣሣውን፣ የረዳውንና ወንጀለኛውን የደበቀውንም ይጠይቃል። አንገት የሚያስደፋ ግጥም ማውረድን፣ ወይም «እሱማ ምን ወንድ አለው» ብሎ በጠላ ቤት ማሾፍን ግን በዚህ መዝገብ ሊጽፈው አይችልም። ይጻፍም አንልም፤ ዳኛ የቡናና የጠላ ወሬ ሁሉ ሲመረምር መኖር አይችልም። ሕግ በሚቆምበት ቦታ ግን ኅሊና ይጀምራል እንጂ ነፃነት አይጀምርም።

እዚህ ላይ ከአንባቢያን አንዱ ሊቃወመን ይችላል። «እናንተ ልጆች፣ ነገሩን አቅልላችሁ አያችሁት። ፍርድ ቤቱ መሐል ሜዳ ወይም ዓለም ከተማ ነው። ደሃው ደርሶ ሲመለስ ሁለት ቀን ይፈጅበታል። ምስክሩ በገንዘብ ተገዝቶ ይጠብቀዋል። ወንድም የሌለው ሰው በአገራችን መሬቱን ማን ያስከብርለታል? ወንድሞቹ ተሰባስበው ካልቆሙለት በቀን ይነጠቃል» ይለናል። ይህ ተቃውሞ ቀላል አይደለም። በ2015 ዓ.ም. መጨረሻ በክልላችን ጦርነት ከተነሣ ወዲህ ብዙ ትምህርት ቤት ተዘግቷል፤ ጠመንጃም በየቤቱ በዝቷል፤ ለደሃ ፍትሕ ማግኘት ከቀድሞው ይልቅ ከብዷል። ስለ ጦርነቱ መፍረድ የዚህ ጽሑፍ ፋንታ አይደለም። ነገር ግን መሰባሰብ ራሱ ኃጢአት ነው ብንል አባቶቻችንን ማማት ይሆንብናል። ከ1928 እስከ 1933 ዓ.ም. የመንዝና የመርሐ ቤቴ ጎበዞች በየገደሉ ተሰባስበው ጠላትን ባይመክቱ ኖሮ እኛም በዚህ ቋንቋ ባልጻፍን ነበር።

ስለዚህ መጠየቅ ያለበት መሰባሰቡ ሳይሆን የተሰባሰበው ለማን እንደሚታዘዝ ነው። ጥሩ ምሳሌ በአጠገባችን አለ፤ ጓሳ። ከ3,200 ሜትር በላይ ባለው በዚያ ብርዳም ደጋ የጓሳው ሣር ለቤት ክዳንና ለገመድ፣ ግጦሹም ለድርቅ ቀን ይጠበቅ የነበረው በቄሮ ሥርዓት ነበር። (ቃሉ በቅርብ ዘመን በሌላ አካባቢ ከያዘው ትርጉም ጋር እንዳይምታታ።) አስቦና ገራ የሚባሉት አባቶች መሬቱን ካቀኑበት ከ17ኛው ምእት ዓመት ጀምሮ እንደነበረ ይተረካል። ሕዝቡ መሪውን ይመርጣል፤ ሣሩ ለሦስትም ለአምስትም ዓመት ይዘጋል፤ ጎበዞቹ ተሰልፈው ይጠብቃሉ፤ ተሻግሮ ያጨደ ይቀጣል። የ1967ቱ የመሬት አዋጅ እስከ መጣ ድረስ ይህ ሥርዓት ኖሯል፤ ዛሬም ጓሳው በሌላ አደረጃጀት በሕዝቡ ይጠበቃል። እነዚያም ዱላ የያዙ ጎረምሶች ነበሩ። ነገር ግን ዱላው የሚነሣበትም የሚወርድበትም ቀን የታወቀ ነበር፤ የሚነሣበትን ጉዳይ የሚወስነውም ሕዝቡ እንጂ የተቆጣው ሰው አልነበረም። ደም ሊመልስ የወጣ ጭፍራ ግን ከሳሹም ዳኛውም ቀጪውም እሱ ነው። «አሁንስ በቃህ» የሚለው ሰው የለውም።

ጠባቂ ወደ ወሮበላ ለመለወጥ ረጅም መንገድ እንደማያስፈልገው ከመጽሐፍ ቅዱስ እንማራለን፤ ያውም ከዳዊት ታሪክ። በመጀመሪያው መጽሐፈ ሳሙኤል እንደተጻፈው ዳዊት ከሳኦል ሸሽቶ በዓዶላም ዋሻ በተቀመጠ ጊዜ የተጨነቀ፣ ዕዳ ያለበት፣ ነፍሱ የተከፋችበት ሁሉ ወደ እሱ ተሰበሰበ፤ አራት መቶ ሰው ያህል ሆኑ። ከዚህ የተሻለ የወሮበላ ቡድን አጀማመር መግለጫ የትኛው የምርምር ጽሑፍ ይሰጠናል? ኋላም እነዚህ ሰዎች የባለጠጋውን የናባልን እረኞች በምድረ በዳ ጠበቁ። በበጎች መሸለቻ ቀን ድርሻቸውን ሲጠይቁ ናባል ሰደባቸው። ዳዊትም ሰይፍ ታጠቁ አለ፤ አራት መቶው ታጠቁ። አንድም «ስለ ስድብ ነው እንዴ የቤቱን ወንድ ሁሉ የምንጨርሰው?» ብሎ የጠየቀ አልተጻፈልንም። አራት መቶ ሰው፣ አንድ ሐሳብ!

ከሞት ያዳናቸው ብዙ ጊዜ በስብከት የምንሰማት አቢግያ ናት፤ ሁለት መቶ እንጀራ፣ አምስት የተሰናዱ በጎች፣ የዘቢብና የበለስ ጥፍጥፍ በአህያ ጭና በመንገድ ላይ የተቀበለቻቸው ብልህ ሴት። ምስጋናዋን አንቀንስባትም። ነገር ግን ከአቢግያ በፊት አንድ ሰው አለ፤ ሰባኪዎች ብዙም አያነሡትም፤ ስሙም አልተጻፈም። ከናባል ብላቴኖች አንዱ ነው። ወደ እመቤቱ ሮጦ ጌታው የዳዊትን መልእክተኞች እንደ ሰደበ፣ እነዚያም ሰዎች መልካም እንዳደረጉላቸው፣ ክፉ ነገርም እየመጣ መሆኑን ነገራት። ጌታው ሊመከር የማይችል ሰው መሆኑንም አልደበቀም። ይህ ልጅ ባይናገር አቢግያ ከምን ተነሥታ እንጀራ ትጭናለች?

የዚህ ልጅ ነገር ለእኛ ከባዱ ነገር ነው። በአገራችን ከገዳይ ይልቅ የሚጠላው ጠቋሚ ነውና። ነገር አቀባይ፣ ሰላይ፣ አፉ የማያርፍ ይባላል። ጓደኞቹ ሌሊት ሊወጡ መሆኑን የሰማ ልጅ ሁለት መንገድ ይታየዋል፤ ወይ አብሮ መሄድ፣ ወይ ዝም ማለት። መናገር ግን ወንድምን መሸጥ ይመስለዋል። ይህን ስሜት ማንም ሊንቀው አይገባም፤ መሠረቱ ታማኝነት ነው፤ ታማኝነትም የሌለው ሰው ለማንም አይረባም። ይሁዳም የተናገረ ሰው ነበር። የናባል ብላቴናም የተናገረ ሰው ነበር። ልዩነታቸው በምን ላይ ነው? አንዱ የተናገረው ሊያስይዝ ለሚፈልግ ነው፤ ዋጋም ተቀበለበት። ሌላው የተናገረው እንጀራ ይዛ መንገድ ላይ ልትቆም ለምትችል ሴት ነው፤ ያተረፈውም ነገር ቢኖር የሚያውቃቸውን ሰዎች በሕይወት ማየት ብቻ ነው። የዳነውም የናባል ቤት ብቻ አልነበረም፤ ዳዊትም ከደም ዳነ። ሌሊት ሊወጣ ያለውን ጓደኛ ለእናቱ፣ ለንስሐ አባቱ ወይም የሚፈራው አጎቱ ካለ ለእሱ የሚነግር ልጅ ጓደኛውን ሸጠ ልንለው አንችልም። ለፖሊስ መናገር የሚያስፈልግበት ጊዜም አለ፤ ጠመንጃው ከተቀባበለ በኋላ አጎት ፍለጋ ጊዜ ማጥፋት አይቻልም።

ቀድሞ የነበረው የአውጫጭኝ ሥርዓት በዚህ ላይ የራሱ ፍልስፍና ነበረው። ቤት ሲቃጠል፣ ከብት ሲነዳ ወይም ሰው ሞቶ ገዳዩ ሲጠፋ የአገሩ ወንዶች ሁሉ በአንድ ሜዳ ይሰበሰባሉ። ጥፋተኛው እስኪገለጥ ሥራ ፈትተው እየተመላለሱ ይቀመጣሉ። የነገረው ሰው እንዳይታወቅም «ወፍ ነገረኝ» ይባላል። ካልተገለጠ አገሩ ሁሉ ዕዳውን ይካፈላል። ሥርዓቱ ግፍ ነበረበት፤ ዘመድ የሌለው ድሃ በሐሰት ሊጠቆም ይችል ነበር። ስለዚህ ይመለስ ለማለት አንደፍርም። የቆመበት ሐሳብ ግን እስካሁን አልተመለሰልንም። በአንድ መንደር ውስጥ ክፉ ሲሠራ መንደሩ ያውቃል፤ እያወቀ ዝም ካለ ዕዳው ይደርሰዋል የሚል ነው።

ይህን በዛሬው ዘመን የሚያስረዳ ነገር ከእኛ ወሰን ማዶ ተፈጽሟል። በሰኔ ወር 2016 ዓ.ም. መጨረሻ ከደባርቅ ዩኒቨርሲቲ ወደ አዲስ አበባ በአውቶቡስ ይጓዙ የነበሩ ተማሪዎች ከሌሎች መንገደኞች ጋር በገርበ ጉራቻ አካባቢ ታገቱ፤ ወላጆቻቸውም የማስለቀቂያ ገንዘብ ተጠየቁ። በእኛ ዕድሜ ያሉ፣ ፈተና ጨርሰው ወደ እናታቸው የሚሄዱ ልጆች! እስቲ እንዲህ ያለ ነገር እንዴት እንደሚሠራ እናስብ። ሰውን አግቶ በጫካ ማቆየት ጠመንጃ ብቻ አይበቃውም። እንጀራ የሚጋግር ቤት ይፈልጋል። አውቶቡስ መምጣቱን የሚያሳውቅ ስልክ ይፈልጋል። ገንዘቡን የሚቀበልና የሚመነዝር ሰው ይፈልጋል። ገንዘቡ ከመጣ በኋላ ደግሞ «ከየት አመጣኸው?» ሳይል ጫማና በሬ የሚሸጥ ነጋዴ ይፈልጋል። ከእነዚህ ውስጥ ተገድዶ የሚያደርገው አለ፤ ጠመንጃ ተደቅኖባት የምትጋግር እናት ዕዳ የለባትም። ሳይገደድ የሚያደርገው ግን እጁን አላነሣም ተብሎ ሊነፃ ነውን? እኛ አይመስለንም። በአዲስ አበባም ማጅራት መቺ የሰረቀው ስልክ ገዢ ባያገኝ ኖሮ ማጅራት የሚመታበት ምክንያት ባልኖረው ነበር። መንግሥት በ1996 ዓ.ም. በአዋጅ ቁጥር 384 አደገኛ ቦዘኔን ለመቆጣጠር ሕግ ሲያወጣ ያየው ጎዳና የቆመውን ልጅ ነው፤ ሱቅ የተቀመጠውን ገዢ ግን ማን ቦዘኔ ይለዋል?

የድርሻው መጠን ለሁሉም እኩል ነው አንልም። የገደለና የዘፈነ አንድ ናቸው ማለት ገዳዩን ማቅለል ይሆናል። የድርሻ ልክ በእኛ ግምት ሰውየው ሊያደርግ በሚችለው ነገር ይለካል። ሽማግሌ አንድ ቃል ቢናገር የሚያቆመውን ነገር ዝም ብሎ ካሳለፈ፣ ፈርቶ ከተከተለው ከአሥራ ስድስት ዓመቱ ልጅ ይበልጥ ይጠየቃል። አልቃሽዋም ቃሏ ምን ያህል ከባድ እንደሆነ ከማንም በላይ ታውቃለች፤ ለዚያ አይደል የምትጠራው?

ደግሞስ ከቡድኑ መመለስ የፈለገ ሰው ወዴት ይመለሳል? የሙሴ ጸሊምን ታሪክ ሁላችንም እናውቀዋለን፤ ሰኔ 24 ቀን እናስበዋለን። ከኢትዮጵያ ወገን የሆነ፣ የሽፍቶች አለቃ የነበረ፣ ኋላ በአስቄጥስ ገዳም የመነኮሰ ሰው ነው። አንድ ወንድም ባጠፋ ጊዜ መነኮሳቱ ሊፈርዱበት ተሰብስበው ሙሴን ቢጠሩት፣ ቀዳዳ ዕቃ አሸዋ ሞልቶ በጀርባው ተሸክሞ መጣ፤ አሸዋው ከኋላው እየፈሰሰ ነበር። የራሱ ኃጢአት ከኋላው እየፈሰሰ እሱ ግን ሳያየው በሌላው ሊፈርድ እንደመጣ ነገራቸው። ይህን ታሪክ ስንሰማ ሁልጊዜ የምናደንቀው ሙሴን ነው። ነገር ግን ያን የሽፍታ አለቃ በሩን ከፍቶ ያስገባው ገዳምስ? በመንደራችን ከበረሃ የተመለሰ ልጅ በመጀመሪያው እሑድ ከማን አጠገብ ይቆማል? ማን እሳት ያቀብለዋል? ማንም ካልቀረበው ደግሞ የሚቀርቡትን ያውቃቸዋል፤ ገና በጀማ በረሃ ናቸው።

ለዚህ አባቶቻችን ደም ማድረቅ የሚሉት የዕርቅ ሥርዓት አላቸው። ሽማግሎች ወደ ባለ ደሙ ቤት አንድ ጊዜ አይደለም የሚሄዱት፤ ይባረራሉ፣ እንደገና ይሄዳሉ። ካህናት መስቀል ይዘው ይቆማሉ። የገዳዩ ወገን ድንጋይ ተሸክሞ ይወድቃል፤ ካሳ ይቆረጣል፤ በመጨረሻም መሐላ ይሆናል። መሐላው ለገዳዩና ለሟች ወንድም ብቻ አይደለም። በዚያች ቀን በስፍራው ያልነበሩት አጎቶች፣ የአጎት ልጆች፣ ከጠቡ በኋላ ጎልምሰው ሱሪ የታጠቁት ሁሉ በየስማቸው ተጠርተው ይምላሉ፤ ከሁለቱም ወገን። አልቃሽዋ ስትጠራ ግን እስካሁን አልሰማንም።